ጋሽ ጴጥሮስ «አቧራ ነው» ያለ ዕለት

የጋሽ ጴጥሮስን ሞት የነገረኝ የዕድሩ ጡሩንባ ነፊ ነው። ሱቄ ደጃፍ ቆሞ ስሙን ጠራና ወደሚቀጥለው ብሎክ ሊያልፍ ሲል አስቆምኩት።

«በምን ሞተ?»

«እንዲሁ ነው ጋሼ። በድንገት።»

ሟቹ ይህን መልስ ሰምቶ ቢሆን ኖሮ ሞቱን ለሌላ ቀን አስተላልፎ ከጡሩንባ ነፊው ጋር ይሟገት ነበር። ለጋሽ ጴጥሮስ «እንዲሁ» የሚባል ብልሽት የለም፤ «በድንገት» የሚባልም የለም። ማንኛውም ነገር ሲበላሽ የተበላሸበት አንድ ቦታ አለው። ቦታውን ያላየ ሰው ነው «እንዲሁ ነው» የሚለው። ይህን በሕይወት ዘመኑ ለስንት ሰው እንደነገረ አላውቅም። ለእኔ ብቻ ሱቅ አዘግቶኝ ነግሮኛል።

ያወቅሁት በደርግ የመጨረሻ ዓመታት ነው። ያኔ ይሄ ሁሉ ኮንዶሚኒየም የለም። ልደታ ጣሪያ ከጣሪያ ተደጋግፎ የቆመ ሰፈር ነበር፤ የአንዱን ቤት ግድግዳ ብትነቅል የጎረቤቱን ምሳ የምታይበት። ከአብነት በሚመጣው መንገድ ዳር ትንሽ ሱቅ ነበረችኝ። ምን ትሸጥ ነበር ለሚለኝ ሰው፣ የሌለውን ሁሉ እለዋለሁ። ያለውን ነገር የሚሸጠው መንግሥት ነው፤ ለእኛ የቀረልን የሌለው ነበር፦ የሰዓት ማሰሪያ፣ የመነጽር ብሎን፣ የራዲዮ ድንጋይ፣ አንዳንዴም ከውጭ በሰው ሻንጣ የመጣ እስክሪብቶ።

አንድ ቀን ቀጥ ያለ፣ የሸሚዙን ቁልፍ እስከ አንገቱ የቆለፈ ሰውዬ ገባና ቂጡን ሲጫኑት ቀጭን እርሳስ የሚተፋውን ዓይነት መጻፊያ ጠየቀኝ። ያለኝን አወጣሁለት። እያንዳንዱን ዓይኑ ላይ ደግኖ በጫፉ ቀዳዳ ወደ በሩ ተመለከተ። ወፍራሙን መረጠ። ከዚያ ከውስጡ እርሳሱን መዝዞ ባንኮኒው ላይ አኖረልኝ።

«ይሄን አልፈልገውም» አለ።

«ታዲያ በምን ልትጽፍ ነው?»

«እጽፋለሁ ማን አለህ?»

ነጋዴ ነኝ፤ እንቁላል ገዝቶ አስኳሉን የሚመልስ ደንበኛ ሲመጣ ምክንያቱን አልመረምርም። መዝዞ የተወውን ለሌላ ሰው ሸጥኩት። ሰውዬው ግን ተመልሶ መጣ፣ ደግሞም መጣ፣ በኋላ ከሥራ ሲወጣ ሱቄ ጎራ ሳይል ቤቱ የማይገባ ሆነ።

ጋሽ ጴጥሮስ የካቶሊክ ሚሲዮን አሳድጎት፣ መንግሥት ውጭ አገር ልኮ አስተምሮት፣ ሜክሲኮ አካባቢ ባለ አንድ የመንግሥት ድርጅት የኮምፒዩተር ጥገና ኃላፊ የሆነ ሰው ነው። ትሕትና የሚባል ነገር አልፈጠረበትም። «በዚህ ከተማ እግር ማየት የሚችል ሰው እኔ ነኝ» ይል ነበር፣ ሌላው ሰው ዝናብ መጣ እንደሚለው። መጀመሪያ የጫማ ነገር መስሎኝ ነበር።

እግር የሚለው የፕሮሰሰሩን ነው። ኪሱ ውስጥ በከረሜላ ቆርቆሮ የሚይዛት አንዲት የሞተች ነበረችው። ጥቁር፣ የጣት ርዝመት የምታህል፣ በሁለቱም ጎኗ ቀጫጭን እግሮች የተደረደሩባት ነገር ናት። በረሮ መሰለችኝ። ኮምፒዩተሩ የሚያስበው በዚች ነው አለኝ፤ እያንዳንዱ እግር መቀመጫው ላይ የየራሱ ጉድጓድ አለው፤ በአንዱ መብራት ይገባል፣ በአንዱ ይወጣል፣ በሌላው ወሬ ይመላለሳል።

«እንዴት ነው የሚለየው ታዲያ? ሁሉም አንድ ናቸው» አልኩት።

«የለቅሶ ድንኳን ገብተህ አታውቅም?»

«ከድንኳን ወጥቼ አላውቅም በል።»

«አግዳሚው በሁለት ረድፍ ፊት ለፊት ነው። ራስጌው ላይ ካህኑ ተቀምጠዋል። ከበሩ ሆነህ ስታይ በካህኑ ግራ ካለው ሰው ጀምረህ ወደ በሩ ወርደህ ትቆጥራለህ፤ ከዚያ ተሻግረህ በሌላው ረድፍ ትወጣለህ። የመጨረሻው ሰው ከመጀመሪያው ፊት ለፊት ይገጥማል። የዚችም እንዲሁ ነው። ካህኑ ይቺ ናት» ብሎ ጫፏ ላይ ያለችውን ትንሽ ጎድጓዳ ምልክት በጥፍሩ ነካ። «ካህኑን ሳታይ መቁጠር የጀመርክ እንደሆነ፣ የሟቹን ልጅ ከዕድሩ ዳኛ ትቀላቅላለህ።»

ከዚያ ገለበጣት። በሆዷ በኩል ስትታይ ግራው ቀኝ ይሆናል፤ ስንቱ ባለሙያ እዚህ ጋ ነው የሞተው አለኝ። ለሟቾቹ ያዘነ አይመስልም ነበር።

ይህ ሁሉ መግቢያ ነው። ዋናው ነገር የተጣመመ እግር ነው። እግር ሲጣመም ወደ ውጭ ከሆነ እግዜር ይመስገን፣ ዕውርም ያየዋል። ክፉው ወደ ውስጥ የሚታጠፈው ነው። ከላይ ስታያት ሁሉም እግር በየጉድጓዱ የገባ ይመስላል፤ አንዱ ግን ሆዷ ስር ተጋድሟል። ያንን ለማየት ከላይ ማየት ዋጋ የለውም። ጉንጭህን ጠረጴዛው ላይ ማስተኛት፣ አንድ ዓይንህን መጨፈን፣ ብርሃኑን ከወዲያ ማድረግና ረድፉን በጎን ማየት ነው። አንዱ ጉድጓድ ብርሃን ካሳለፈ እዚያ እግር የለም ማለት ነው።

ባንኮኒዬ ላይ ጉንጩን አስተኝቶ አሳየኝ። እኔም ከወዲህ በኩል ጉንጬን አስተኝቼ አየሁ። በዚህ መሐል የኮት ቁልፍ ልትገዛ የመጣች ሴትዮ ሁለት ጎልማሶች ባንኮኒ ላይ ተጋድመው ስታይ አማትባ ሄደች። ያን ቀን የሸጥኩት ነገር የለም።

ልማዱ ከሥራው አልፎ ነበር። የቀበሌው ስኳር ሰልፍ በሱቄ ፊት ሲያልፍ አንድ ዓይኑን ጨፍኖ በጎን ያየዋል። «ከቀይ ሹራቡ ቀጥሎ ያለው ተጣሟል» ይለኛል። ጥቂት ቆይቶ ከቀይ ሹራቡ ቀጥሎ ያለው ሰውዬ የሌላ ሰው ቦታ ሲሰርቅ ተይዞ ጭቅጭቅ ይነሳል።

ሦስት ሕግ ነበረው። አንደኛው «አይገፋም» ነው፤ ያልገባ እግር የማይገባበት ምክንያት ስላለው ነው። ሁለተኛው «የሚሠራ ነገር አይነካም»። ሦስተኛው ከጎረቤቴ ከቶፊቅ ጋር ያጣላው ነው።

ቶፊቅ ከሱቄ ማዶ ራዲዮ ጠጋኝ ነበር፤ የወሎ ልጅ፣ ምላሰኛ፣ እጁ ፈጣን። የመጣለትን ራዲዮ ሆዱን ይከፍትና አንዴ «እፍ!» ይልበታል። ብዙ ጊዜም ራዲዮው ይናገራል። ባለቤቱ ምን ነበር ሲለው መልሱ አንድ ነው፦ «አቧራ ነው።»

ጋሽ ጴጥሮስ ይህን ሲሰማ ደሙ ይፈላል።

«ቶፊቅ፣ እፍ ማለት ጥገና ከሆነ የጥቅምት ነፋስ መሐንዲስ ነው።»

«ቀዝቃዛ ክፍል ውስጥ ተቀምጠህ ነዋ! እኔ ጋ ከመንገድ የሚገባው አቧራ ራዲዮ ሳይሆን ባለራዲዮውን ይቀብራል።»

«ሦስተኛው ሕጌ ነው፦ አቧራ ማለት አላየሁም ማለት ነው።»

«አይተህ ከምታስጠብቀኝ ሳታይ ብትሠራልኝ ይሻላል ይላል ደንበኛው!»

«እኔ አቧራ ነው ያልኩ ዕለት የመበየጃ ካውያዬን ወስደህ ሽጠው።»

«ሸምሱ፣ ምስክር ነህ!» ይላል ቶፊቅ ወደ እኔ ዞሮ። እኔ የሁለቱም ዕቃ አቅራቢ ስለሆንኩ ምስክርነቱን ሳልቀበልም ሳልክድም አልፈው ነበር።

እንግዲህ የአብዮት በዓል ሲቃረብ ከተማው ሁሉ ይታጠባል። አጥር ይቀባል፣ የመንገድ ጠርዝ በኖራ ይነጣል። የጋሽ ጴጥሮስ ድርጅት ደግሞ ከወዳጅ አገር የሚመጡ እንግዶች ኮምፒዩተሩን ይጎበኛሉ ተብሎ የጽዳት ዘመቻ ታወጀ። ጋሽ ጴጥሮስ በዚያ ሰሞን ለቅሶ ደርሶበት አገሩ ሄዷል።

በተመለሰ ማግስት ረፋድ ላይ የድርጅቱ ሾፌር ሱቄ ደጃፍ መኪና አቆመ።

«ጋሽ ጴጥሮስ ወፍራሙን እርሳስ ይዘህ ራስህ ና ብሎሃል። አሁኑኑ።»

«የራሱስ?»

«በዘመቻው ተጣለ። እርሳስ የሌለው እርሳስ ምን ይሠራል ተብሎ።»

መንገድ ላይ ጉዳዩን ነገረኝ። ከዘመቻው ወዲህ ኮምፒዩተሩ አልነሳ ብሏል፤ እንግዶቹ በማግስቱ ይመጣሉ፤ የድርጅቱ ካድሬ ጓድ ዘሪሁን ደግሞ «አሻጥር ነው» ብሎ ወደ በላይ ሪፖርት ልኳል። አሻጥር ካለ አሻጥረኛ ያስፈልጋል። የክፍሉን ቁልፍ የምትይዘው የኮምፒዩተር ጸሐፊዋ ጽጌ ስለሆነች አሻጥረኛዋ ጽጌ ሆናለች።

ጽጌን አውቃታለሁ። ከሱቄ ጀርባ የምትኖር፣ እናቷን የምትጦር፣ ደሞዝ በወጣ ቁጥር የፀጉር ማስያዣ የምትገዛኝ ልጅ ናት። ማሽኑ እስከ ምሳ ካልተነሳ ለምርመራ ትሰጣለች አለኝ ሾፌሩ። በዚያ ዘመን ምርመራ የሚባለው ሰው በእግሩ የሚገባበት ቦታ ነው። በእግሩ ስለመውጣት ብዙ አይወራም ነበር።

ስደርስ ጽጌ በሩ አጠገብ ወንበር ላይ ተቀምጣለች፤ ከኋላዋ ጠመንጃ የያዘ ጥበቃ ቆሟል። እጆቿን ጉልበቷ ላይ አድርጋ ጣቶቿ ይነቃነቃሉ፤ የምትጽፍ ይመስል ነበር። ጋሽ ጴጥሮስ ጉንጩን ጠረጴዛው ላይ አስተኝቶ የተከፈተውን ማሽን በጎን ያያል። ጓድ ዘሪሁን ሰማያዊ ዩኒፎርሙን ለብሶ ከላዩ ቆሟል።

«ክዳኑን ማን ከፈተው?» አለ ጋሽ ጴጥሮስ ቀና ሳይል።

«እኔ ነኝ ያስከፈትኩት። እንግዶቹ ውስጡን ይዩት። የቴክኖሎጂ እድገታችን ክዳን ስር አይደበቅም።»

«ይቺን ፕሮሰሰርስ የነካት አለ?»

«እሷንማ ራሴ ነኝ ያስተካከልኳት» አለ ጓድ ዘሪሁን ኮራ ብሎ። «ጽሑፏ ተዘቅዝቆ ነበር። እንግዶቹ የሚቆሙት በዚህ በኩል ነው፤ የተዘቀዘቀ ነገር ሊያነቡ ነው እንዴ? ነቀልኳት፣ በጨርቅ ወለወልኳት፣ ወደ እንግዶቹ አዞርኳት።»

«ወደ ቦታዋ ስትመለስ አስቸግራዎት ነበር?»

«ትንሽ። ገፋ አደረግኳት።»

ጋሽ ጴጥሮስ ዓይኑን ጨፈነ። የጨፈነው ሁለቱንም ነው።

ሰውዬው ጥፋቱን በገዛ አፉ እየተናገረ መሆኑን አላወቀም። ያወቀ ዕለት ደግሞ ጥፋቱ እሱ ላይ አይቆይም። ሪፖርቱ ሄዷል፤ አሻጥር ተብሎ ተጽፏል። ካድሬና ጸሐፊ ሲታገሉ ማን እንደሚወድቅ ለማወቅ ጉንጭ ማስተኛት አያስፈልግም።

ከበላይ የተላኩት ሁለት መርማሪዎች ግቢ ደረሱ ተባለና ጓድ ዘሪሁን ሊቀበላቸው ወጣ። ጋሽ ጴጥሮስ ወዲያው ፕሮሰሰሯን በስስ ብረት ከሁለቱም ጫፍ ቀስ እያለ አንስቶ ነቀላትና ገልብጦ አሳየኝ። የጥጓ እግር ታጥፋ ሆዷ ላይ ተኝታለች።

«ሸምሱ፣ ይቺን እያት» አለኝ በሹክሹክታ። «ዞራ ነው የገባችው። መብራቱ መግባት በሌለበት በዚች እግር ሊገባ ነበር። ገብቶ ቢሆን ውስጧ ተቃጥሎ ነበር፤ በዚህ አገር ደግሞ ምትክ የላትም። ሲገፋት ይቺ እግር ስለታጠፈች ነው መብራቱ ያልገባው።»

«ስለዚህ ደህና ናት?»

«ይቺ ካልተሰበረች። አንዴ ታጥፋለች፣ አንዴ ትቃናለች። ከዚያ በላይ አትታገስም።»

እርሳሱን ሰጠሁት። የውስጡን መዝዤ ነበር ያመጣሁት፤ ይህን ያህል ተምሬያለሁ። ባዶውን ጫፍ እንደ ሱሪ እግሯ ላይ አጠለቀላትና ማቃናት ጀመረ። ማቃናት አልኩ እንጂ የሚንቀሳቀስ ነገር አይታይም ነበር። ጠብቆ ያቆማል፤ ይተነፍሳል፤ ደግሞ ይጀምራል። ጽጌ ዞር ብላ አታይም፤ የጋሽ ጴጥሮስን ትንፋሽ ግን ትቆጥር ነበር፤ እሱ ትንፋሹን ሲይዝ እሷም ትይዛለች። እኔ ለማን እንደምጸልይ ስለማላውቅ ለአላህም ለልደታም አካፈልኩት።

የታጠፈችው እግር ቀና አለች። ካህኑን ወደ ቦታው አዞረ፣ እግሮቹን በየጉድጓዱ አፍ አሳረፈ፣ በጎን አየ፣ በሁለት አውራ ጣቱ አስቀመጣት። አልገፋትም። እርሳሱን መልሶ ሰጠኝና ክዳኑን ገጠመ። ማብሪያውን ተጫነ።

ማሽኑ ጥቂት አሰበና «ጢጥ» አለ።

በሩ ተከፈተና መርማሪዎቹ ከጓድ ዘሪሁን ጋር ገቡ። አንደኛው የበራውን ማሽን፣ ከዚያ ጽጌን፣ ከዚያ እኔን አየ። እኔን ማንም አልጠየቀኝም፤ እርሳስ የያዘ ሰው የሆነ ሥራ ያለው ይመስላል።

«ምን ነበር?»

«ተስተካክሏል» አለ ጋሽ ጴጥሮስ።

«ምን ነበር ነው የተባልከው። ሰው ነው ያበላሸው?»

«ሰው አይደለም።»

«ታዲያ ምንድን ነው?»

ጋሽ ጴጥሮስ የሸሚዙን የአንገት ቁልፍ ነካ። የተቆለፈ ነው።

«አቧራ ነው» አለ።

ጽጌ እስከዚያች ቃል ድረስ አላለቀሰችም ነበር። አብራው ስትሠራ ሰውዬው ያችን ቃል ሲረግም ነው የምትሰማው። አሁን ፊቷን በሁለት እጇ ሸፈነች፤ ጥበቃው ግራ ገብቶት ጠመንጃውን ከአንዱ ትከሻው ወደ ሌላው አዛወረ።

«ብዬ ነበር እኮ!» አለ ጓድ ዘሪሁን። ምን ብሎ እንደነበር የጠየቀው የለም። መርማሪዎቹ አቧራን ማሰር ስለማይችሉ ሻይ ጠጥተው ሄዱ። ጽጌም ያን ቀን በእግሯ ቤቷ ገባች።

ጓድ ዘሪሁን ግን አቧራን እንዲሁ የሚለቅ ሰው አልነበረም። ከዚያ ሰዓት ጀምሮ ኮምፒዩተር ክፍል የሚገባ ሰው ሁሉ ጫማውን በር ላይ እንዲያወልቅ ታዘዘ። ማሽኖቹ ሁሉ የሸራ ልብስ ተሰፋላቸው። ሸራውን ያቀረብኩት እኔ ነኝ፤ ነጋዴ ነኝ ብያለሁ። እንግዶቹ በማግስቱ መጥተው በካልሲ ቆመው ሸራ ጎበኙ። ጋሽ ጴጥሮስም ጡረታ እስኪወጣ በየማለዳው የገዛ ውሸቱን ደጃፍ ላይ ጫማውን ሲያወልቅ ኖረ።

ወሬው ሰፈር ሳይደርስ አልዋለም። ሾፌሩ ለአንዱ፣ አንዱ ለሌላው፣ ሌላው ለቶፊቅ።

«ጋሽ ጴጥሮስ!» አለ ቶፊቅ ከማዶ፣ መንገዱ ሁሉ እንዲሰማ አድርጎ። «ምን ነበር አሉ ማሽኑ?»

ጋሽ ጴጥሮስ ወደ ሱቄ አቀና።

«ካውያዋን የት ልሽጣት? አብነት ነው ወይስ መርካቶ?»

ጋሽ ጴጥሮስ ሱቄ ገባና ካውያውን ባንኮኒው ላይ አስቀመጠ። «ስጠው» አለኝ። ወሰድኩለት። ቶፊቅ ሳቁን አቁሞ ካውያዋን መለሰለት፤ ቀልዱን ግን አልመለሰም። ከዚያ በኋላ ባገኘው ቁጥር «እፍ!» ይለዋል። በሠርግ ላይ፣ በዕድር ስብሰባ ላይ፣ ታክሲ ሲጠብቅ። ያ ኩሩ ሰው፣ አንዲት ዓረፍተ ነገር ብቻ የምታድነው ሰው፣ ዝም ብሎ ይቀበለው ነበር።

ላጽናናው ብዬ አንድ ቀን «አይዞህ፣ ስምህ ጴጥሮስ አይደል? መካድ ከጥንት የመጣ ነው» አልኩት። አልሳቀም። «እሱ ዶሮ ነው የጮኸበት፤ እኔ ላይ የሚጮኸው ቶፊቅ ነው» አለኝ።

ደርግ ሲወድቅ ደግሞ፣ «አሁን ማንን ትፈራለህ? ንገረውና እረፍ» አልኩት።

መልሱን ሲያስብ ሰልፍ እንደሚያይ ሁሉ አንድ ዓይኑን ጨፈነ።

«ጽጌ አግብታ ወልዳለች፣ ዓይኔን ሳታፍር ሰላም ትለኛለች። ዕዳ አለብሽ ልበላት? ቶፊቅም በዚህ ደስ ብሎት ይኖራል። የሚሠራ ነገር አይነካም፣ ሸምሱ።»

እኔም አልነካሁም። ሰፈሩ ፈርሶ፣ ኮንዶሚኒየሙ ተሠርቶ፣ የቀረነው ሰዎች በየብሎኩ ስንበታተንም አልነካሁም።

ድንኳኑ በሁለቱ ብሎኮች መሐል ተተክሏል። ገብቼ እግዜር ያጽናችሁ ብዬ ተቀመጥኩ። ልማድ ሆኖብኝ ከካህኑ ግራ ጀምሬ ወርጄ፣ ተሻግሬ ወጣሁ። ሁሉም በቦታው ነው። ጋሽ ጴጥሮስ ሁልጊዜ ይቀመጥባት የነበረችው ጥግ ብቻ ባዶ ናት፤ ማንም ሳይነጋገር ትተዋታል።

ቶፊቅ አርጅቷል፤ ከዘራውን ጉልበቱ መሐል አቁሞ አጠገቡ ላሉት ወጣቶች ያወራል። በፍቅር ነው የሚያወራው፤ ዓይኑ እርጥብ ነው።

«ዕድሜ ልካችንን ስንሟገት፣ መጨረሻ ላይ እሱም አቧራ ነው አለ!»

ወጣቶቹ ለለቅሶ በሚመጥን ልክ ሳቁ። ጽጌ ንፍሮ ይዛ በመሐል ስታልፍ ቆመች። ፀጉሯ ነጥቷል፣ ልጆቿ ሻይ ያድላሉ።

«አቧራ አልነበረም ጋሽ ቶፊቅ» አለች። «እኔ ነበርኩ። አቧራ ነው ባይል ኖሮ የምታሰረው እኔ ነበርኩ።»

ቶፊቅ እሷን አየ፣ ከዚያ እኔን አየ። ባለሙያ ነውና መጀመሪያ የጠየቀው ስለ ብልሽቱ ነው።

«እግር ነበር?»

«እግር ነበር» አልኩት።

«ወደ ውስጥ የታጠፈ?»

«ወደ ውስጥ። የጥጓ።»

ከዘራውን አገላብጦ አየው። ከንፈሩን አሾለ፤ እንደ ድሮው እፍ ሊል መስሎኝ ነበር፤ ትንፋሽ ብቻ ነው የወጣው። ከዚያ ወጣቶቹ ወደሚሰሙበት ቀና አለና፣

«አውቄ ነበር» አለ። «ከመጀመሪያውም አውቄ ነበር። እንዲያው ለጨዋታ ነው።»

አላወቀም። ጽጌም እንዳላወቀ ታውቃለች። ንፍሮውን አቀረበችለት፣ እፍኝ ሞልቶ ወሰደ፣ ወደ ባዶዋ ጥግ እያየ ያኝክ ጀመር።

የሚሠራ ነገር አይነካም። ዝም አልኩት።